በታላቅ ሰው ስም ሁለተኛ መሆን

አንድ ወጣት አለ እንበል። ቀን ቀን አስተማሪ ነው፤ ወይም የቧንቧ ሠራተኛ፤ ወይም የአባቱን ላሞች የሚያልብ ገበሬ። ከገና ማግስት ጀምሮ በሳምንት ሁለትና ሦስት ማታ በዝናብና በጭቃ ውስጥ ለተወለደበት ካውንቲ ቡድን ልምምድ ይሠራል። ደመወዝ የለውም። የመኪናው ነዳጅ ይተካለታል፣ ከልምምድ በኋላ የሚቀመስ ነገር ይቀርብለታል፣ በቃ። ግንቦት ይደርሳል። በአገሪቱ ትልቅ ሻምፒዮና ቡድኑ ከአንዱ ኃያል ካውንቲ ጋር ይደለደላል። በሃያ ነጥብ ይሸነፋል። እሑድ ማታ ቤቱ ይገባል፣ ሰኞ ጠዋት ሥራው ላይ ነው። የዚያ ዓመት ትልቁ ጨዋታ ያ ነበር።

አገሩ አየርላንድ ነው፤ ጨዋታው ኸርሊንግ። የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ ደግሞ እ.ኤ.አ. 2005 ነው፣ ለእንደዚህ ያለው ወጣት አዲስ ውድድር የተከፈተበት ዓመት። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

ኸርሊንግን ለማያውቅ በአጭሩ፦ ጫፉ ጠፍጣፋ በሆነ ዱላ ትንሽ ጠንካራ ኳስ የሚመታበት ጨዋታ ነው። ገናን የተጫወተ ወይም ያየ ሰው ለመረዳት አይቸገርም፤ ልዩነቱ ኳሱ አብዛኛውን ጊዜ አየር ላይ መሆኑ ነው። በየወገኑ 15 ተጫዋች ይሰለፋል። የጎሉ ብረት የላቲኑን ኤች ፊደል ይመስላል። ኳሱ ከአግዳሚው በላይ ካለፈ አንድ ነጥብ፣ ከአግዳሚው በታች መረብ ውስጥ ከገባ ጎል ይባልና ሦስት ነጥብ ይቆጠራል። ስለዚህ ውጤት ሲጻፍ ጎሉና ነጥቡ ለየብቻ ይቀመጣል። 1-23 ማለት አንድ ጎልና 23 ነጥብ፣ ሲደመር 26 ነው። ይህን አንባቢ ይያዘው፣ ወደኋላ ያስፈልገዋል።

ጨዋታውን የሚመራው በ1884 ተርልስ በምትባል ከተማ፣ በአንድ ሆቴል ውስጥ የተመሠረተው የጌሊክ አትሌቲክ ማኅበር ነው። አገሪቱ በእንግሊዝ ሥር በነበረችበት ዘመን የአየርላንድን ጨዋታዎች ከመጥፋት ለማዳን ተብሎ የተቋቋመ ማኅበር ነው፤ እስከ ዛሬ ድረስም ተጫዋቾቹ በሙሉ አማተር ናቸው። 82 ሺህ ሰው በሚይዘው ክሮክ ፓርክ ስታዲየም የፍጻሜ ጨዋታ የተጫወተው ጀግና በማግስቱ ባንክ ቤት መስኮት ላይ ይገኛል። ተጫዋች እንደ እግር ኳስ አይገዛም አይሸጥም። ሰው ለተወለደበት ወይም ለሚኖርበት ካውንቲ ይጫወታል፤ ካውንቲው ደካማ ከሆነ ከነድካሙ ይቀበለዋል።

ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ኸርሊንግ በአየርላንድ ምድር እኩል አልተዘራም። ኮርክ፣ ኪልኬኒና ቲፐሬሪ የሚባሉት ሦስት ካውንቲዎች ብቻ እስከ 2005 ድረስ ከተነሱት የሻምፒዮና ዋንጫዎች ከሁለት ሦስተኛ በላይ የሆነውን ወስደዋል። ደቡቡ ላይ ሕፃን መራመድ ሲጀምር ዱላ ይሰጠዋል። ወደ ሰሜንና ወደ ምዕራብ ሲኬድ ግን ጌሊክ እግር ኳስ ይነግሣል፤ ኸርሊንግ ጥቂት መንደሮች በእልህ ይዘውት የቀሩ ነገር ነው። እነዚህን ሁሉ በአንድ ሻምፒዮና ማጋጠም በወረቀት ላይ እኩልነት ይመስላል። ሜዳ ላይ ግን አንዱ ሌላውን ዓመት በዓመት የሚወቅጥበት ሥርዓት ነበር። ከ1974 ጀምሮ ለደካሞቹ «ሲኒየር ቢ» የሚባል ሻምፒዮና ተዘጋጅቶላቸዋል። ስሙን እዩት። ማን ነው «እኔ የቢ ሻምፒዮን ነኝ» ብሎ ለልጅ ልጁ የሚያወራው?

በ2005 ማኅበሩ ሻምፒዮናውን ሦስት ቦታ ከፈለው። ላይኛው እርከን 12 ቡድኖችን ይዞ የሊአም ማካርቲን ዋንጫ ጠበቀ። ከእነሱ የሚቀጥሉት ሁለተኛው እርከን ላይ ተቀመጡ፤ የቀሩት ሦስተኛው ላይ። ሁለት ነገሮች አዲስ ነበሩ። አንደኛ፣ ሁለተኛው እርከን በምድብ የሚካሄድ ሆነ። አንድ ጊዜ ተሸንፎ ቤት መግባት ቀረና ከአቻ ጋር ደጋግሞ መጫወት መጣ። ሁለተኛ፣ በር ተከፈተ፤ ሁለተኛውን እርከን ያሸነፈ በሚቀጥለው ዓመት ከትልልቆቹ ጋር ይጫወታል፣ ከትልልቆቹም አንዱ ይወርዳል።

ሦስተኛ ነገርም አለ፣ ብዙ ሰው እንደ ጌጥ ያየው። ስሙ ነው። ለሁለተኛው እርከን ፊደል አልሰጡትም፣ ቁጥርም አልሰጡትም። የክሪስቲ ሪንግ ዋንጫ አሉት።

ክሪስቲ ሪንግ ማን ነው? በ1920 ክሎይን በምትባል የምሥራቅ ኮርክ መንደር የተወለደ፣ በነዳጅ ማመላለሻ መኪና ሾፌርነት የኖረ፣ በኸርሊንግ ታሪክ ከሁሉ የሚበልጥ እየተባለ የሚጠራ ሰው ነው። ከኮርክ ጋር ስምንት የአየርላንድ ሻምፒዮናዎችን አነሳ፤ በሦስቱ አምበል ነበር። በመጋቢት 1979 በድንገት ሲሞት ኮርክ ከተማ ለቀብሩ ወጣ። መቃብሩ ላይ ንግግር ያደረገው የአገሪቱ ጠቅላይ ሚኒስትር ጃክ ሊንች ነው፤ ሊንች የመጣው በሥልጣኑ ብቻ አልነበረም፣ በክለብም በካውንቲም አብሮት የተጫወተ ጓደኛው ነበር። እንግዲህ የዚህን ሰው ስም ነው ለደካሞቹ ውድድር የሰጡት። ሦስተኛው እርከን ደግሞ በዌክስፎርዱ ጀግና በኒኪ ራካርድ ስም ተጠራ። ሜዳ ላይ ግዙፍ የነበረ፣ ከሜዳ ውጪ በመጠጥ ተሸንፎ የነበረና በኋላ መጠጡን ትቶ ሌሎች ጠጪዎችን ሲረዳ የኖረ ሰው ነው።

ስም ምን ያደርጋል የሚል ይኖራል። ሽንፈት በስም አይለወጥም፣ እውነት ነው። ነገር ግን ለአማተር ተጫዋች ክፍያው ሌላ ምንም አይደለም፤ የሚያገኘው ክብር ብቻ ነው። ክብር ብቻ የሚከፈለውን ሰው «ቢ» ብሎ መጥራት ደመወዙን እንደ መቁረጥ ነው። ያን ዓመት ስሙን የመረጡ ሰዎች ይህን የተረዱት ይመስላል።

ወደ መጀመሪያው ፍጻሜ እንሂድ። ሁለት ካውንቲዎች ደረሱ፦ ዌስትሚዝና ዳውን።

ዌስትሚዝ በአየርላንድ መሀል ያለ የሐይቆች አገር ነው። እንደ ራሃርኒ፣ ክሎንኪልና ካስልታውን ጂኦጌገን ያሉ መንደሮች ኸርሊንግ ይጫወታሉ፤ የቀረው ካውንቲ ልቡ እግር ኳስ ላይ ነው። ያውም ከፍጻሜው አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ2004፣ የካውንቲው እግር ኳስ ቡድን በታዋቂው አሠልጣኝ በፓዲ ኦ ሼ እየተመራ በታሪኩ ለመጀመሪያ ጊዜ የሌንስተር ክፍለ ሀገር ሻምፒዮን ሆኗል። ካውንቲው በደስታ አብዶ ነበር። የኸርሊንግ ልጆቹ በዚያ ጩኸት ጥላ ውስጥ ነበር ልምምዳቸውን የሚሠሩት።

ዳውን ደግሞ ከዚያም ይብሳል። ካውንቲው ሰሜን አየርላንድ ውስጥ ነው፣ በእንግሊዝ መንግሥት ሥር። በእግር ኳስ አምስት ጊዜ የመላው አየርላንድ ሻምፒዮን የሆነ ኩሩ አገር ነው። ኸርሊንጉ ግን በአብዛኛው የሚገኘው አርድዝ በሚባል ጠባብ የምድር ምላስ ላይ ነው፤ በአንድ በኩል የአየርላንድ ባሕር፣ በሌላው ስትራንግፎርድ የሚባለው ወደ ውስጥ የገባ ውኃ። እዚያ ምላስ ላይ ሦስት ክለቦች አሉ፦ ፖርታፌሪ፣ ባሊክራንና ባሊጋልጌት። እርስ በርስ የሚተያዩ ጎረቤታሞች ናቸው፤ ከሌላው የካውንቲው ክፍል ይልቅ እርስ በርስ ይዋደዳሉ፣ እርስ በርስም ይጣላሉ። የካውንቲው ቡድን ማለት ከሞላ ጎደል እነዚህ ሦስት መንደሮች ማለት ነው። በ1992፣ በ1995 እና በ1997 የአልስተር ክፍለ ሀገርን ሻምፒዮና ወስደው ነበር። ጨዋታው እዚያ እንዴት ተረፈ ብሎ ለሚጠይቅ መልሱ ቀላል ነው፦ አባት ለልጁ ስላስተማረ። ልጁ ሌላ ከተማ ሥራ ይዞ የሄደ ዕለት ግን ከቡድኑ ላይ አንድ ሰው ጎደለ ማለት ነው፤ የሚተካውም በቀላሉ አይገኝም።

ፍጻሜው የተካሄደው ክሮክ ፓርክ ላይ ነው። ይህ ዝርዝር ትንሽ ነገር አይደለም። ክሮክ ፓርክ ለአየርላንዳዊ ተራ ስታዲየም አይደለም። በኅዳር 1920 የእንግሊዝ ኃይሎች በጨዋታ ላይ ተኩስ ከፍተው ተመልካችና ተጫዋች የገደሉበት ሜዳ ነው፣ አንዱ የመቀመጫ ክፍል በዚያ ዕለት በሞተው ተጫዋች ስም ይጠራል። ከደካማ ካውንቲ የመጣ የኸርሊንግ ተጫዋች ዕድሜውን ሙሉ እዚያ ሣር ላይ በፍጻሜ ቀን ሳይቆም ሊያልፍ ይችል ነበር። የፖርታፌሪና የራሃርኒ ልጆች ቆሙ።

ውጤቱ ዌስትሚዝ 1-23፣ ዳውን 2-18። ደምሩት፦ 26 ለ24። ሁለት ነጥብ። በሃያ ነጥብ መሸነፍ ለለመዱ ሰዎች በሁለት ነጥብ የሚያልቅ ፍጻሜ ምን እንደሆነ መገመት አያስቸግርም። ተመልካቹ እስከ መጨረሻዋ ደቂቃ ቆሞ፣ አንድ የተሳተች ቅጣት ምት ለዓመታት የምታስቆጭበት ዓይነት ጨዋታ። ዳውን በጎል በልጦ በነጥብ ተሸነፈ። ዋንጫው ወደ ሐይቆቹ አገር ሄደ።

የዚያው ዓመት ሦስተኛ እርከን አሸናፊ ደግሞ ለንደን ነበር። አዎ፣ የእንግሊዟ ለንደን። ስደት የበተናቸው አየርላንዳውያን እዚያ የራሳቸውን «ካውንቲ» አቋቁመው በአገር ቤት ውድድር ይካፈላሉ። በግንባታና በሌላ ሥራ ሲደክሙ ውለው ማታ ዱላቸውን ያነሳሉ። ከሰባት ዓመት በኋላ፣ በ2012፣ እነዚሁ ለንደኖች የክሪስቲ ሪንግን ዋንጫም ወሰዱና በ2013 ከትልልቆቹ ጋር ተሰለፉ። ትልቁ ዋንጫ ራሱ በስሙ የሚጠራው ሊአም ማካርቲ ለንደን ውስጥ ከአየርላንዳውያን ወላጆች የተወለደ ሰው እንደነበር ሲታሰብ ነገሩ እንግዳ አይደለም። ስደተኛ በሁለት ዓመት አንዴ አገሩን በፎቶ ከሚያይ ይልቅ ዓመት በዓመት በሜዳ ላይ ቢያገኘው ይሻላል።

የላይኛውን ዋንጫ በ2005 ያነሳው ኮርክ ነው፣ ለ30ኛ ጊዜ፣ ጋልዌይን አሸንፎ። የኮርክ ግብ ጠባቂ ዶናል ኦግ ኪዩዛክ የክሎይን ልጅ ነው፤ የሪንግ መንደር። አምበሉ ሾን ኦግ ኦ ሃልፒን ደግሞ ፊጂ የተወለደ፣ እናቱ የዚያው አገር ሰው የሆነች፣ ዋንጫውን ሲቀበል በአይሪሽ ቋንቋ የተናገረ። ይህ ለብቻው ሌላ ጽሑፍ ይወጣዋል፣ እንለፈው።

ወደ በሩ እንመለስ። ዌስትሚዝ አሸነፈና ወደ ላይ ወጣ። በምትኩ የወረደው አንትሪም ነው። አንትሪም በ1989 ለመላው አየርላንድ ፍጻሜ ደርሶ የነበረ ካውንቲ ነው፤ በዚያ ፍጻሜ የተጫወቱት ሰዎች በ2005 ገና ጎልማሶች ናቸው፣ ልጆቻቸውና የእህት የወንድም ልጆቻቸው ናቸው የሚጫወቱት። «ሁለተኛ እርከን» ሲባል ለእነሱ ስድብ ነበር ማለት ይቻላል። በ2006 ወርደው የክሪስቲ ሪንግን ዋንጫ ካርሎውን አሸንፈው ወሰዱና ተመለሱ። ዌስትሚዝስ? አንድ ዓመት ላይ ቆይቶ ወረደ። በ2007 እንደገና ዋንጫውን ኪልዴርን አሸንፎ ወሰደ።

ተቺዎች ያኔ ይህን አይተው «አላልንም?» አሉ። ክርክራቸው ባዶ አይደለም። ደካማውን ከደካማ ጋር ብታስቀምጠው የደካማ ሻምፒዮን ይሆናል እንጂ አይጠነክርም፤ ትልቁን ሳይገጥም ትልቅ አይሆንም፤ ላይ ሲወጣ የሚያገኘው ያንኑ የሃያ ነጥብ ዱላ ነው። በዚያ ላይ ገንዘቡ፣ ስፖንሰሩ፣ ቴሌቪዥኑ ሁሉ ከላይኛው እርከን ጋር ነው የቀረው። ከሁለተኛው እርከን ተነስቶ የሊአም ማካርቲን ዋንጫ ያነሳ ካውንቲ ዛሬም ድረስ የለም። በዚህ ብቻ ከለካነው ሙከራው ከሽፏል።

ግን በዚህ መለካት ልክ ነው ወይ? ኪልኬኒ ውስጥ ሕፃናት ሁሉ ዱላ ይዘው ያድጋሉ፤ አርድዝ ላይ ሦስት ክለብ ነው። ሦስት ክለብ ኪልኬኒን እንዲያሸንፍ መጠበቅ ለሦስቱ ክለብ ማሰብ አይደለም። የሚሻለው ጥያቄ የአርድዝ ልጅ በሚቀጥለው ክረምትም ልምምድ ይመጣል ወይ የሚለው ነው። በሁለት ነጥብ የተሸነፈ ሰው ይመጣል። በሃያ የተሸነፈ ሥራ በዝቶብኛል ይላል፤ አይፈረድበትም።

ዳውን በ2009 እንደገና ለፍጻሜ ደርሶ በካርሎው ተሸነፈ። በ2013 ግን ኬሪን አሸንፎ ዋንጫውን አነሳ፣ ከዌስትሚዙ ፍጻሜ ስምንት ዓመት በኋላ።

ሁለተኛ እርከንን ማን ከቁም ነገር ይቆጥረዋል ለሚል የ2016ን ፍጻሜ ማስታወስ ይበቃል። ሚዝና አንትሪም ተጫወቱ፣ ሚዝ በአንድ ነጥብ አሸነፈ ተብሎ ዋንጫው ተሰጠው፣ ተጨፈረ። በኋላ ሲቆጠር አንዲት ነጥብ በስህተት ተደምራለች። እውነተኛው ውጤት 2-17 ለ1-20 ነው፤ 23 ለ23፣ አቻ። ጨዋታው እንዲደገም ተወሰነ። ዋንጫ የሳመ ሰው ተመልሶ ወደ ልምምድ ገባ። በድጋሚውም ሚዝ አሸነፈ፣ አሁንም በአንድ ነጥብ፣ ይህኛዋ እውነተኛ ነበረች። ግድ የማይሰጠው ውድድር ላይ ማንም እንዲህ አይቆጥርም።

በ2018 ማኅበሩ መሰላሉን እንደገና አሻሻለው። የቀድሞው የማኅበሩ ፕሬዚዳንትና የጋልዌይ ተጫዋች የነበረው ጆ ማክዶናህ ስም ያለው አዲስ ዋንጫ ሁለተኛው እርከን ሆነ፤ የክሪስቲ ሪንግ ዋንጫ ወደ ሦስተኛ ዝቅ አለ። መሰላሉም ወደ ታች እንደሚያወርድ ያን ጊዜ በደንብ ታየ። አራት ጊዜ የመላው አየርላንድ ሻምፒዮን የነበረው ኦፋሊ በሁለት ዓመት ውስጥ ሁለት እርከን ወረደ። በ1998 ትልቁን ዋንጫ ያነሳ ካውንቲ በ2021 የክሪስቲ ሪንግን ዋንጫ ለማንሳት ተጫወተ፣ አነሳም። በ2024 ደግሞ የጆ ማክዶናህን ወስዶ ወደ ላይ ተመለሰ። የወደቀበት ቦታ ላይ ውድድር ባይኖር ኖሮ ወድቆ የሚቀር ካውንቲ ነበር።

እግር ኳሱ ይህን ትምህርት ለመቀበል ዘግይቷል። ቀደም ብሎ የተሞከረው የቶሚ መርፊ ዋንጫ ሰው ሳይወደው ቀረ። በ2022 ነው ለሁለተኛ እርከን እግር ኳስ የታይልቻን ዋንጫ የተጀመረው። የመጀመሪያውን ያሸነፈው ማን መሰላችሁ? ዌስትሚዝ። በ2023 ዳውን ለፍጻሜ ደርሶ ተሸነፈ፤ በ2024 ተመልሶ ወሰደው። እነዚህ ሁለት ካውንቲዎች አዲስ ሁለተኛ እርከን ሲከፈት ከሩቅ የሚሸታቸው ይመስላል።

ስለ ዌስትሚዝ ኸርሊንግ አንድ ነገር ይቀራል። በ2021 የጆ ማክዶናህን ዋንጫ አሸንፎ እንደገና ወደ ላይ ወጥቶ ነበር። በግንቦት 2023 ዌክስፎርድ ሄዶ ተጫወተ፣ በኒኪ ራካርድ አገር፣ በባለሜዳው ደጋፊ ፊት። ጨዋታው ላይ በአንድ ወቅት ከ15 ነጥብ በላይ ተመርቶ ነበር። የድሮው ታሪክ ሊደገም ነው፤ ሃያ ነጥብ፣ አውቶቡስ፣ ሰኞ ጠዋት ሥራ። ጨዋታው ሲያልቅ ሰሌዳው ላይ የነበረው ዌስትሚዝ 4-18፣ ዌክስፎርድ 2-22 ነበር። 30 ለ28።

በሳምንቱ ዌክስፎርድ ኪልኬኒን አሸንፎ ከመውረድ ዳነ። የወረደው ዌስትሚዝ ነው። በ2024 ውድድሩን የጀመረው ሁለተኛው እርከን ላይ ነበር።